አክስቴ ታላቅ ወንድሟን ብሎክ ያደረገች ጊዜ

እናቴ ከአምባ ጊዮርጊስ ስትደውልልኝ መጀመሪያ የምትነግረኝ የከብቱንና የዶሮውን ጤንነት ነው፤ የሰው ወሬ ከዚያ በኋላ ይመጣል። በቅርቡ ደውላ «ቀይዋ ዶሮ ብሎክ አደረገችኝ» አለችኝ። ዶሮዋ እንቁላል መጣል አቁማለች፣ ጥሬ ሲበተንላት እንኳ ዞር ብላ አታይም። እናቴ የምትይዘው ባለ ቁልፍ ስልክ ነው፤ በዕድሜዋ አንድም ሰው ብሎክ አድርጋ አታውቅም። ቃሉን ግን ከልጆቿ አፍ ነጥቃ ለዶሮዋ ሰጠቻት። እኔ ስስቅ «ምነው፣ ተሳሳትሁ ወይ?» አለችኝ። አልተሳሳተችም። ከዚህ የተሻለ አገባብ ከተማ ውስጥም አልሰማሁም።

እኔ ጎንደር ከተማ የአንደኛ ደረጃ አስተማሪ ነኝ፤ ቃል ሲሰደድ ማየት ደስ ይለኛል። ይኼኛው ደግሞ ከስልክ ከወረደ ወዲህ ያልገባበት ቤት የለም። ዩኒቨርሲቲው ባለበት ማራኪ ሰፈር ድሮ ብሎክ ማለት የተማሪ ማደሪያ ሕንጻ ነበር፤ «የየትኛው ብሎክ ልጅ ነሽ?» ይባባሉ ነበር። አሁን አንዲት ተማሪ «ብሎክ ተደርጌያለሁ» ካለች የተጣላችው ከፍቅረኛዋ ጋር ነው። እሱም ቢሆን ሁለት ዓይነት ነው። አንደኛው ማታ ተደርጎ ጠዋት የሚነሳ፣ ትርጉሙም «ለምነኝ» የሆነ ነው። ሁለተኛው የምር ነው፤ የምሩን ያደረገች ልጅ ስለ ነገሩ አታወራም። የሚኒባስ ረዳት ደግሞ ጀሪካኗን በር ላይ ያስቀመጠችን ሴት «እናቴ፣ በሩን ብሎክ አደረግሽው እኮ» ይላታል። ክፍሌ ውስጥ ሁለት ሴት ልጆች ጀርባ ለጀርባ ከተቀመጡ የሌሎቹ እጅ ይወጣል፦ «ቲቸር፣ ብሎክ ተደራርገዋል!» የነሱ ግን እስከ እረፍት ደወል ነው፣ ከዚያ ዳቦ ይካፈላሉ። አስተማሪዎች ክፍልም አንዱ ሰላም ሳይል ካለፈ «ምነው፣ ብሎክ ተደረግን እንዴ?» ይባላል፤ እሱም እየሳቀ ተመልሶ ትከሻ ለትከሻ ይጋጫል።

ይሁንና ቃሉ እኛ አገር ሲገባ ባዶ ቤት አላገኘም። ኩርፊያን ከማንም በፊት የምናውቅ ሰዎች ነን። መኳረፉም ወግ አለው፣ መታረቁም ወግ አለው፤ ሽማግሌ ያቃተውን ካህን ይይዘዋል። ይህን በደንብ ያየሁት አክስቴ ታላቅ ወንድሟን ብሎክ ባደረገች ጊዜ ነው።

ወንድሟ ማለት አጎቴ ናቸው፤ ሁላችንም አያ ነው የምንላቸው። ከአምባ ጊዮርጊስ ወጣ ብሎ ባለ ደብር መሪጌታ ናቸው፤ ሌሊት ማኅሌት ይቆማሉ፣ ቀን ያርሳሉ። አያቶቼ ካለፉ በኋላ የቤተሰቡ ራስ እሳቸው ናቸው። አክስቴ ደግሞ የሁሉም ታናሽ ናት። ማራኪ ላይ ክፍሎቿን ለተማሪዎች እያከራየች ትኖራለች፣ እኔም የምኖረው በእሷ ግቢ ነው። ባሏ ከሞተ ቆይቷል፤ አንድ ሴት ልጅ አለቻት። አክስቴ የምትታወቀው በሁለት ነገር ነው፣ በቁጣዋና በማዕዷ። እሷ ቤት ገብቶ ሳይበላ የወጣ ሰው የለም። በልቻለሁ የሚል ሰው ካለም እየተቆጣች ታበላዋለች።

አያ ልጃቸው ዘመናዊ ስልክ ገዝቶላቸው ነበር። መጻፉ ለዓይናቸው ስለሚከብዳቸው ድምፃቸውን እየቀዱ ይልካሉ። ከማኅሌት እንደወጡ፣ ገና ጎሕ ሳይቀድ፣ ለአክስቴ ይደርሳታል፦ እንኳን ለዕለቱ ቅዱስ አደረሰሽ፣ በሬው ድኗል፣ ውርጭ መትቶናል፣ ከዚያ ረጅም ምርቃት። አክስቴ ታማርራለች። «ዶሮ ቀድሞት አያውቅም! ሰው ይተኛል አይልም?» ትላለች። አዳምጣ ሳትጨርስ ግን ከአልጋዋ አትነሳም ነበር።

ነገሩ የተበላሸው በታኅሣሥ ነው። የአክስቴ ልጅ በጥር ልትዳር ቀለበት አሰረችና ከእጮኛዋ ጋር የተነሳችውን ፎቶ ለጠፈችው። ሥሩ ላይ ዘመድ አዝማዱ፣ ጓደኛው፣ የእጮኛዋ ቤተሰብም ሳይቀር «ሲያምሩ»፣ «ይባርክላችሁ» እያለ ይጽፋል። አያ ያን ቀን እንደምንም ተጨንቀው፣ በፊደል፣ እንዲህ ብለው ጻፉ፦

«እሰይ የእኅቴ ልጅ፣ ሸጋ ነሽ። ግና ምነው እንዲህ ከሳሽ? እቤት እህል ጠፋ ወይ? እናትሽ ትንገረኝ፣ ጤፍ እልካለሁ።»

በገጠር «ከሳሽ» ማለት አሳሰብሽኝ ማለት ነው፤ ማንም አይቀየምበትም። ግን የሚባለው ትከሻ ተይዞ፣ ፊት ለፊት ነው። እዚህ ሁሉም አየው። የሙሽራው ዘመዶች በሳቅ የሚያለቅሱ ቢጫ ፊቶችን ደረደሩበት። የሙሽራው አክስት ደግሞ ጨመረችበት፦ «አይዟችሁ፣ እኛ ቤት ስትመጣ እናወፍራታለን።»

አክስቴ ይህን ስታነብ አጠገቧ ነበርሁ። ፊቷ በርበሬ መሰለ። «እኔን? እኔን ነው እህል አጣች የሚለኝ? መሪጌታ ሆኖ ጾም መሆኑን ረሳው? ሰው በነቢያት ጾም ካልከሳ መቼ ሊከሳ ነው!» ደወለችላቸውና ይህንኑ ደግማ አጥፋው አለች። አያ ማጥፋት አይችሉበትም። እሱ ሳያንስ «ምነው እቴ፣ ያየሁትን ነው እኮ የጻፍሁ» አሏት። ስልኩን ዘጋችና እዚያው ፊቴ ብሎክ አደረገቻቸው፤ ከመልእክቱም፣ ከጥሪውም። ስትጨርስ የቆሸሸ ነገር እንደነካ ሰው እጇን አራገፈች።

ከጥቂት ቀን በኋላ አያ ለእኔ ደወሉ።

«እቴ ምን ሆነች? ፊቷ እኮ ጠፋ!»

ፎቶዋ ከስልካቸው ጠፍቷል፤ በቦታው ግራጫ ክብ ብቻ ቀርቷል። የሚልኩት አልደረሰም የሚለውን አንድ ጭረት ብቻ ያሳያል፣ ቢደውሉም አይጠራም። ለካ ሞታ ደበቃችሁኝ እስከማለት ደርሰዋል። ደህና መሆኗን ነግሬ፣ ነገሩ ብሎክ እንደሚባልና ምን እንደሆነ አስረዳኋቸው።

«አውቃ ነው?»

«አዎ፣ አያ።»

«እኔን ብቻ?»

«አንቱን ብቻ።»

«እንግዲያ ግዝት ነዋ» አሉ።

ሳቄ አመለጠኝ። «አያ፣ ስልክ እኮ ነው!»

«ስልክስ ቢሆን? ድምፅህን አልሰማም፣ ፊቴን አታይም ካለችኝ በሯን ዘጋችብኝ ማለት አይደል? የተገዘተ ሰው ሳይፈታ ደጅ አይረግጥም። ያሰረችኝ እሷ፣ የምትፈታኝ እሷ።»

ቀልዳቸውን መስሎኝ ነበር። አልነበረም። የገና ዕለት ሁልጊዜ የሚመጡት ሰው ቀሩ። አክስቴ ከብርሌው አጠገብ የእሳቸውን መቀመጫ ባዶውን አስቀምጣ ዋለች፤ ሌላ ሰው ሊቀመጥበት ሲል «እዚያ አይደለም» ትላለች። ከእንቅልፏ የሚቀሰቅሳት ጠፍቶ እንኳ በጎሕ መንቃቷን አልተወችም። አንድ ጠዋት ግቢውን ስትጠርግ አገኘኋትና እንዴት አደርሽ ብላት «ዝም ብሎ ነጋ» አለችኝ።

የሚያሳስበን ሠርጉ ነበር። በእኛ አገር ሙሽራ ከእናቷ ቤት ስትወጣ የቤተሰቡ ታላቅ ይመርቃታል፤ ሁሉም አሜን ካለ በኋላ ነው እግሯን የምታነሳው። የአክስቴ ልጅ አባት የላትም፣ ምርቃቱ የአያ ነው። ልጅቱም በለሆሳስ፣ ግን በማያወላዳ ቃል «አያ ሳይመርቁኝ ከዚህ ቤት አልወጣም» አለች። እናቷ ደግሞ «ማን ከለከለው? በሩ ክፍት ነው!» ትላለች። ይህንኑ ለአያ አደረስሁ። «በሩ ክፍት ከሆነ ስልኩ ምነው ተዘጋ?» አሉኝ። እኔ በሁለት እልኸኞች መካከል ተሯሩጬ ደከምሁ። ሁለቱንም በአንድ ክፍል ቆልፌ ቁልፉን አንገረብ ወንዝ ብወረውረው ደስታዬ ነበር።

ጥምቀት አለፈ። የሠርጉ ሳምንት ገባ። ግቢው ውስጥ ድንኳን ተተክሎ፣ የሰፈሩ ሴቶች ሽንኩርት እየከተፉ እያለቀሱ እየሳቁ ሳለ የግቢው በር ተንኳኳ። ሁለት አዛውንት ገቡ። አንደኛው የአያ ደብር ገበዝ፣ ሌላኛው የማሳ ጎረቤታቸው ናቸው። ጋቢያቸውን መስቀለኛ አጣፍተው፣ ዘንጋቸውን ተመርኩዘው መሐል ግቢ ቆሙ።

«ግቡ አባቶቼ፣ ተቀመጡ» አለች አክስቴ።

«አንቀመጥም። ጉዳይ ይዘን ነው» አሉ ገበዙ።

ሽማግሌ ቆሞ «ጉዳይ አለን» ካለ ልጅ ሊጠይቅ ነው። ሴቶቹ ቢላዋቸውን አስቀመጡ። ተከራይ ተማሪዎች በየበራቸው ብቅ አሉ፤ አንዷ ጸጉሯን ስታስተካክል አይቻታለሁ። አክስቴም ግራ ገባት። «ልጄን እኮ ሰጥቻለሁ፤ የምታዩት ድንኳን የእሷ ነው።»

«ልጅ ልንጠይቅ አይደለም። ወንድምሽን ፍቺልን ልንል ነው።»

«የት ታስሮ?»

«አንቺ ዘንድ። እዚያች ውስጥ» አሉና በዘንጋቸው መቀነቷ ውስጥ የሸጎጠችውን ስልክ አመለከቱ።

ግቢው በሳቅ ፈረሰ። አክስቴ ብቻ አልሳቀችም። በበሩ በኩል ወደ ውጭ አየች። አያ አስፋልቱ ዳር ቆመዋል፤ እግራቸው ሥር ጆንያ አለ፣ ሚኒባሶቹ አቧራ እያለበሷቸው ያልፋሉ። ከደጃፉ አንድ እርምጃ እንኳ አላለፉም።

«ያ ጆንያ ምንድን ነው?» አለች።

የማሳ ጎረቤታቸው የዋህ ሰው ናቸው። «ጤፍ ነው» አሉ።

«ጤፍ! አሁንም ጤፍ! ዛሬም እህል የላትም ሊለኝ ነው!»

«ኧረ የሠርግ ነው፣ እኅቴ! ወንድም ለሠርግ ባዶ እጁን ይመጣል ወይ?»

«ካሳ እፈልጋለሁ» አለች አክስቴ። «ያዋረደኝ በአደባባይ ነው፣ በዚያው አደባባይ ያንሳልኝ።» ገበዙ በክብር ዞረው ወደ በሩ ሄዱና «በአደባባይ ታነሳለህ ወይ ብላሃለች» አሉ፤ አያ እዚያው ሆነው ቃሏን ሁሉ ሰምተዋል። «አነሳለሁ በሏት» አሉ አያ። ገበዙ ተመለሱ። «አነሳለሁ ብሏል።» «ሰምቻለሁ» አለች አክስቴ። ወጉ ግን ወግ ነው፤ ሽማግሌው እየተመላለሱ ካላደረሱት ቃሉ አይጸናም።

«እንግዲያስ ፈታሁት!» አለች በመጨረሻ፣ ሴቶቹም እልል አሉ።

«በአፍ አይበቃም» አሉ ገበዙ። «እዚያም ውስጥ ፍቺው።»

አክስቴ ስልኳን አወጣች። አየችው። አገላበጠችው። መነጽሬን ውስጥ ረሳሁ አለች፤ መነጽሯ ግንባሯ ላይ ነበር። ያኔ ገባኝ፦ መዝጋቱን ነው እንጂ መክፈቱን አታውቀውም። ልጇ መጥታ ስልኩን ተቀበለቻትና ትንሽ ነካክታ አያን ከፈተችላት። ከዚያ ጮኸች፦

«እማዬ! አማቼንም ዘግተሻታል እኮ!»

ነገሩ ቀስ ብሎ ተፈታ። አክስቴ ለካ ከገና ወዲህ ማንም ሳያያት ወንድሟን ልትከፍት ስትታገል ከርማለች፤ በአንዱ ትግል የሙሽራውን እናት ዘጋች። «እኔ እኮ ከፍ ከፍ ብላብን ነው ዝም ያለችው ስል ነበር» አለች አክስቴ እጇን አፏ ላይ ጭና። የማሳ ጎረቤትየው «ልቧስ ቀድሞ ፈትቶት ነበር፣ ያስቸገራት ጣቷ ነው» አሉ። ይህን ጊዜ አክስቴም ሳቀች፤ ሳቋ ደግሞ ከጀመረ አይቆምም።

እየሳቀች ወደ በሩ ሄደች። አያ ጥምጣማቸውን አውልቀው ራሳቸውን ዝቅ አደረጉ።

«እቴ፣ ፍቺኝ» አሉ።

እኛ ነን ለካህን «ይፍቱኝ» የምንለው፣ እሱ ነው «እግዚአብሔር ይፍታህ» የሚለን። እዚህ ግን መሪጌታው በጀርባቸው አዝለው ያሳደጓትን ታናሽ እኅታቸውን ይለምናሉ። አክስቴ ሽንኩርት የነካ እጇን በቀሚሷ ጠረገች፣ ዙሪያዋን አየች፣ አፈረች። «እግዜር ይፍታህ፣ አያ» አለች እንደ ምንም።

አያ አልገቡም። ከኪሳቸው ስልካቸውን አወጡና አቅንተው፣ አርቀው አዩት። ፊታቸው በራ። «መጣች! ይኸው ፊቷ መጣ!» እያሉ ለገበዙ ያሳያሉ።

«አያ፣ እዚህ ፊትህ ቆሜያለሁ እኮ!» አለች አክስቴ፣ አንገታቸው ላይም ተጠመጠመች።

ከበሉ በኋላ፣ ማለትም ደጋግመው ከበሉ በኋላ፣ አክስቴ ጥያቄዋን አመጣች። «ይኼን ሁሉ ጊዜ በጎሕ ዝም ብለኸኝ አስቻለህ?»

«መች ዝም አልሁ! እልክ ነበር፤ አልደረሰሽም እንጂ።»

ሙሽሪት የእሳቸውን ስልክ ተቀብላ ከፈተችው። በየማለዳው የተቀዳው ድምፅ እዚያው ተደርድሮ ቆይቷል፣ ሁሉም ባለ አንድ ጭረት። አንዱን ነካችው። ከበስተኋላ ደወል ይሰማል፣ ውሻ ይጮሃል። ዛሬ ገብርኤል ነው፣ እንኳን አደረሰሽ፣ ገብሱን አጨድን። ሌላውን ነካችው። ምርቃት ነው። ሦስተኛው ላይ የአያ ድምፅ ዝቅ አለ፦

«እቴ፣ ይኼ አይደርስሽም ብለውኛል። ይሁን፣ እኔ ግን እልካለሁ። ጾም መሆኑን አልረሳሁም። ልጅቱን በፎቶ ሳያት እናታችንን መሰለችኝ፣ በመጨረሻው ዓመቷ እንደ ነበረችው። ልቤ ደነገጠ። ደንግጬ ጻፍሁ፤ ሌላ ክፋት የለኝም።»

አያቴ ስትሞት አክስቴ ገና ጡት ያልተወች ልጅ ነበረች። ቤታችን ውስጥ የአያቴ ፎቶ የለም፤ በዚያ ዘመን፣ በዚያ አገር፣ ማን ፎቶ ያነሳል?

«ትመስላታለች?» አለች አክስቴ። ድምፅዋ የትንሽ ልጅ ሆነ። «አያ፣ እኔ እኮ ፊቷን አላውቀውም።»

«ቁርጥ እሷን» አሉ አያ። «ግንባሯ፣ ቅንድቧ፣ ስትቆጣ ደግሞ የባሰውን።»

አክስቴ ወደ ልጇ ዞረች፤ ወልዳ ያሳደገቻትን ልጅ ዛሬ እንደመጣች እንግዳ አየቻት። ፊቷን በሁለት እጇ ያዘችና እየዳሰሰች ቆየች። እኔ አለቀስሁ፣ አልዋሽም፤ በሽንኩርቱ ላይ አላመካኘሁም።

ካሳውም በዚያው ምሽት ተከፈለ። አያ እየተናገሩ እኔ ጻፍሁ፣ በዚያው ፎቶ ሥር፦ «የእኅቴ ልጅ አልከሳችም፤ እናታችንን መስላ ነው። እኅቴ ቤት እህል ሞልቷል። እኔም በልቼ መነሳት አቅቶኝ ተቀምጫለሁ።» የሙሽራው አክስት ቀይ ልብ አስቀመጠችበት።

ከዚያ ወዲህ በእኛ ቤት ብሎክ የተደረገ ሰው «ክፈቺልኝ» አይልም፣ «ፍቺኝ» ነው የሚለው፤ መልሱም «ይፍታህ» ነው። ተከራዮቹ ተማሪዎችም ለምደውታል፤ የማታው ኩርፊያ ጠዋት ሲነሳ በየክፍሉ «እግዜር ይፍታህ!» ሲባል እሰማለሁ። እናቴ ትናንት ደውላ «ቀይዋ ዶሮ ፈታችኝ» አለችኝ፤ እንቁላል ጥላለች ማለት ነው።

የሠርጉ ዕለት አያ ከሙሽሪት ፊት ቆመው ምርቃቱን ጀመሩ። የወለደ ሆድ ይባርክሽ፣ ቤትሽ ይሙላ፣ ልጅ ወልደሽ ሳሚ፣ እህል ዘርተሽ እፈሺ፤ እኛ አሜን እንላለን። አያ በጎሕ የለመዱት ምርቃት ረጅም ነው። የአጃቢዎቹ መኪናዎች ውጭ ጡሩንባ መንፋት ጀመሩ፣ ሚዜዎቹ ሰዓታቸውን ያያሉ፣ አያ ገና በሬና ላሙ ላይ ናቸው። አክስቴ ጠጋ ብላ «አያ፣ አሳጥረው እንጂ፣ ሰው ቆመ» አለቻቸው።

አያ ዓይናቸውን ከሙሽሪት ሳያነሱ፣ ሁሉም እንዲሰማ ጮክ አድርገው «ምርቃት ባሳጥርባት ትከሳለች!» አሉ።

ድንኳኑ ተናወጠ። የሙሽራው አክስት በሳቅ ልትወድቅ ሆና የድንኳኑን ምሰሶ ተደግፋ ቆመች። አያም ከተዉበት ቀጥለው የከብቱን፣ የዝናሙን፣ የዕድሜውን አንድም ሳያስቀሩ መረቁ፤ በእያንዳንዱ ላይ ከሁላችንም ጮክ ብላ አሜን የምትለው አክስቴ ነበረች።